ከሕዋስና ከዘረመል የተሠራ የጥበብ ሥራን እንዴት እንመልከት?

ሥነ ሕይወትና የዘረመል ሳይንስ የገቡበት የዘመናችን የጥበብ ሥራ በዐውደ ርእይ አዳራሽ ሲቀርብ፣ አብዛኛው ተመልካች ወይ ይደነቃል ወይ ይሰቀጥጠዋል። ሁለቱም ስሜቶች እውነተኛ ናቸው፤ ሥራውን ለመረዳት ግን ብቻቸውን አይበቁም። በዘይት ቅብ ሥዕል ፊት የቆመ ሰው ቀለሙ እንዴት እንደተበጠበጠ ሳያውቅ ብዙ ነገር ሊያስተውል ይችላል። ሕያው ሕዋስ፣ ባክቴሪያ ወይም ዲኤንኤ በጥሬ ዕቃነት የገባበት ሥራ ግን የትርጉሙ ትልቁ ክፍል ያለው በአሠራሩ ውስጥ ነው። ሕዋሱ ከማን እንደተወሰደ፣ ማን እንደፈቀደ፣ በምን ዘዴ እንደተለወጠና አሁን በሕይወት ይኑር አይኑር ካልታወቀ የሚሰጠው ትርጓሜ ሁሉ መሠረት ያጣል። ስለዚህ ይህ መመሪያ የሚመክረው ቅደም ተከተል አንድ ነው፦ «ምን ለማለት ፈልጎ ነው?» ከማለት በፊት «በእርግጥ የተደረገው ምንድን ነው?» ብሎ መጠየቅ። ከዚህ በታች የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ጥሬ ዕቃውን መለየት

ወደ ሥራው ሲቀርቡ በመጀመሪያ ከጎኑ የተለጠፈውን መግለጫ ያንብቡና ከምን እንደተሠራ ይለዩ። አንዳንዶቹ ሥራዎች ስለ ዘረመል የሚናገሩ ምስሎች ናቸው እንጂ በውስጣቸው ምንም ሕያው ነገር የላቸውም። አውስትራሊያዊቷ ፓትሪሺያ ፒቺኒኒ በ2002 ሠርታ በማግሥቱ ዓመት በቬኒስ ቢየናሌ ያሳየችው «ወጣቱ ቤተሰብ» የተባለው ሐውልት፣ ግልገሎቿን የምታጠባ፣ ከፊል ሰው ከፊል እንስሳ የምትመስል ፍጥረት ያሳያል። የቆዳዋ እጥፋትና የገጿ ድካም እውነተኛ እስኪመስል ድረስ ተጠንቅቆ የተሠራ ቢሆንም ዋናው ቁስ ሲሊኮን ነው። በዚህ ሥራ ፊት የሚነሣው ጥያቄ እንዲህ ያለ ፍጥረት ብትኖር ምን ዓይነት ኃላፊነት ይኖርብን ነበር የሚል እንጂ በቤተ ሙከራ ምን ተደረገ የሚል አይደለም።

ሌሎች ሥራዎች ከሕያው አካል የተገኘን መረጃ ወደ ምስል ወይም ወደ ቅርጽ ይለውጣሉ፤ ተመልካቹ የሚያየው ነገር ራሱ ሕይወት የለውም፣ የመነጨው ግን ከእውነተኛ ሰው ወይም ተክል ነው። የቀሩት ደግሞ ሕያው ነገርን ራሱን ያቀርባሉ። ይህ የመጨረሻው ዓይነት ብዙዎች እንደሚገምቱት ከዘረመል ምሕንድስና ጋር የተወለደ አይደለም። ታዋቂው ፎቶግራፍ አንሺ ኤድዋርድ ስታይከን ለብዙ ዓመታት እያዳቀለ ያራባቸውን የዴልፊኒየም አበቦች በሰኔ 1936 በኒውዮርክ የዘመናዊ ሥነ ጥበብ ሙዚየም አሳይቶ ነበር። ያቀረበው የአበቦቹን ፎቶግራፍ ሳይሆን አበቦቹን ነው። ይህን ዐውደ ርእይ ማስታወስ ይጠቅማል ብዬ አምናለሁ፤ አንድ ሥራ «ተፈጥሮን የነካ» ስለሆነ ብቻ እንግዳ ነው ከማለታችን በፊት፣ ሰው ዝርያን በመምረጥና በማዳቀል የሕያዋንን መልክ ሲለውጥ እጅግ ረጅም ዘመን መቆየቱን ያሳስበናል።

የሚያስፈልገውን ያህል ሳይንስ መያዝ

ሳይንቲስት መሆን አያስፈልግም፤ ጥቂት መሠረታዊ ነገሮችን በትክክል ማወቅ ግን የግድ ነው። ዲኤንኤ አዴኒን፣ ታይሚን፣ ሳይቶሲንና ጉዋኒን በሚባሉ አራት የኬሚካል ፊደላት የሚጻፍ ረጅም ሰንሰለት ሲሆን፣ የሰው ልጅ ሙሉ የዘር መረጃ ወደ 3 ቢሊዮን የሚጠጉ የፊደል ጥንዶች አሉት። ዘረመል የምንለው ከዚህ ሰንሰለት ውስጥ አብዛኛውን ጊዜ ለአንድ ፕሮቲን መሥሪያ የሚሆን መመሪያ የያዘውን ክፍል ነው። ከ1970ዎቹ ወዲህ ይህን ክፍል ከአንዱ ፍጡር ቆርጦ በሌላው ውስጥ ማስገባት ተችሏል። በጥበብ ሥራ ውስጥ ዲኤንኤ «ገብቷል» ሲባል ግን ሁለት ፈጽሞ የተለያዩ ነገሮችን ሊያመለክት ይችላል፦ አንድም ሕዋሱ አዲስ ነገር እንዲሠራ የሚያዝዝ ዘረመል ገብቶለታል፣ አንድም ሕዋሱ የማይጠቀምበትን ጽሑፍ እንዲሁ እንዲሸከም ተደርጓል።

ሁለተኛውን ለመረዳት ብራዚል ተወልዶ በአሜሪካ የሚሠራው ኤድዋርዶ ካክ በ1999 በኦስትሪያ ሊንዝ ከተማ በአርስ ኤሌክትሮኒካ ፌስቲቫል ያቀረበውን «ዘፍጥረት» የተባለ ሥራ መመርመር ይበጃል። ካክ ሰው በባሕር ዓሦች፣ በሰማይ ወፎችና በምድር በሚንቀሳቀሱ ሁሉ ላይ እንዲሠለጥን የሚያዝዘውን የመጽሐፍ ቅዱስ ዓረፍተ ነገር በመጀመሪያ ፊደላትን በነጥብና በሰረዝ ወደሚጽፈው ወደ ሞርስ ኮድ፣ ከዚያም ሰረዙን ታይሚን፣ ነጥቡን ሳይቶሲን፣ በቃላት መካከል ያለውን ክፍተት አዴኒን፣ በፊደላት መካከል ያለውን ደግሞ ጉዋኒን እንዲሆኑ በማድረግ ወደ ዲኤንኤ ለወጠው። ይህ ቅደም ተከተል በቤተ ሙከራ ተሠርቶ በባክቴሪያ ውስጥ ገባ። በአዳራሹ ያሉትም ሆኑ በኢንተርኔት የሚከታተሉ ሰዎች በባክቴሪያዎቹ ላይ የአልትራቫዮሌት ብርሃን ማብራት ይችሉ ነበር፤ ይህ ብርሃን የዲኤንኤን ለውጥ ያፋጥናል። ዐውደ ርእዩ ሲያበቃ ቅደም ተከተሉ ተመልሶ ሲነበብ ዓረፍተ ነገሩ ተለውጦ ተገኘ። ልብ ሊባል የሚገባው ባክቴሪያው ዓረፍተ ነገሩን አለመረዳቱ ወይም አለመታዘዙ ብቻ አይደለም፤ ብርሃኑን ለማብራት የሚጫነው ተመልካች ራሱ «ሠልጥኑ» የሚለውን ትእዛዝ እየፈጸመ መሆኑ፣ በዚያው ቅጽበትም ትእዛዙን የያዘውን ጽሑፍ እያበላሸ መሆኑ ነው። የሥራው ኃይል ያለው በዚህ ላይ ነው፤ አሠራሩን ያልተከታተለ ሰው ግን በጨለማ ክፍል ውስጥ ከሚታይ የሚያበራ ክብ በስተቀር የሚያገኘው ነገር የለም።

ሌላው ሊታወቅ የሚገባው ዘዴ ጄል ኤሌክትሮፎሬሲስ ነው። ዲኤንኤ በኢንዛይም ተቆራርጦ በስስ ጄል ውስጥ ይቀመጥና የኤሌክትሪክ ኃይል ይለቀቅበታል፤ አጫጭሮቹ ቁርጥራጮች ፈጥነው ርቀው ይሄዳሉ፣ ረጃጅሞቹ ወደ ኋላ ይቀራሉ፣ በመጨረሻም በፍርድ ቤት ማስረጃነት የምናውቃቸው የመስመር ቅርጾች ይወጣሉ። አሜሪካዊው ፖል ቫኑዝ በ2007 በጀመራቸው ሥራዎቹ የቁርጥራጮቹን ርዝመት አስቀድሞ በመምረጥ መስመሮቹ ተሰባስበው የታወቁ ምልክቶችን፣ ለምሳሌ የቅጂ መብትን ምልክት፣ እንዲሠሩ አደረገ። ተመልካቹ ምስሉ በጄሉ ላይ ቀስ እያለ ሲወጣ ቆሞ ያያል። «የዲኤንኤ አሻራ» ተፈጥሮ ራሷ የሣለችው ሥዕል ነው ብሎ ለሚያስብ ሰው ከዚህ የተሻለ ማስተማሪያ አላውቅም፤ የትኛው ኢንዛይም፣ የትኛው ክፍል፣ ስንት ሰዓት የሚሉት የሰው ምርጫዎች ሁሉ በመስመሮቹ ውስጥ አሉና።

የሚባለውንና የተደረገውን ማነጻጸር

በዚህ ዘርፍ ዝናው ከሥራው ቀድሞ የሚሄድበት ጊዜ ብዙ ነው። ከሁሉ የሚታወቀው ምሳሌ የዚያው የኤድዋርዶ ካክ የ2000 ሥራ፣ አልባ የተባለችው ጥንቸል ናት። ከአንድ የጄሊፊሽ ዝርያ የተገኘ አረንጓዴ የሚያበራ ፕሮቲን ዘረመል የተሰጣት ይህች እንስሳ የተወለደችው በፈረንሳይ ብሔራዊ የግብርና ምርምር ተቋም ነው። ካክ ጥንቸሏ ከቤተ ሙከራ ወጥታ ከቤተሰቡ ጋር እንድትኖር አስቦ ነበር፤ ተቋሙ ግን አልለቀቃትም። በዓለም የተሰራጨው ምስል ከጆሮ እስከ እግር ወጥ በሆነ አረንጓዴ የምታበራ ጥንቸል ያሳያል። እዚህ ላይ ትንሽ ሳይንስ ያስፈልጋል። ፕሮቲኑ የሚሠራው በሕያው ሕዋስ ውስጥ ነው፣ የሚያበራውም ተስማሚ የሆነ ሰማያዊ ብርሃን ሲያርፍበት ነው፤ ፀጉር ደግሞ ሕያው ሕዋስ አይደለም። ስለዚህ እንዲህ ያለ እንስሳ ጎልቶ ያበራል ተብሎ የሚጠበቀው ፀጉር ባልሸፈነው አካሉ፣ ለምሳሌ በዓይኑና በጆሮው ላይ ነው። ፎቶግራፉ ከእውነታው ጋር ስለመጣጣሙ ለዓመታት ክርክር የቀጠለውም ለዚህ ነው።

ይህ ማለት ሥራው ማታለያ ነው ማለት አይደለም። ካክ የሥራው አካል ነው ያለው እንስሳዋን ብቻ ሳይሆን በእርሷ ዙሪያ የሚነሣውን ሕዝባዊ ውይይትና ጥንቸሏ በቤተሰብ መካከል የሚኖራትን ቦታ ጭምር ነው፤ ያ ውይይት ደግሞ በእርግጥ ተካሂዷል። ፕሮቲኑ ራሱም ቢሆን ለጥበብ ሰዎች መጫወቻ ተብሎ የተፈለሰፈ ሳይሆን በሕዋስ ውስጥ የሚካሄደውን ለመከታተል የሚያገለግል ዋና መሣሪያ ነው፤ ያገኙትና ያዳበሩት ሦስት ሳይንቲስቶች በ2008 የኬሚስትሪ ኖቤል ሽልማት ተሰጥቷቸዋል። ስለዚህ ማስታወሻ ሲይዙ ሦስት ነገሮችን ለያይተው ይጻፉ፦ የጥበብ ሰው የሚለውን፣ ሥራው የተካሄደበት ቤተ ሙከራ ያረጋገጠውን፣ ምስሉ የሚያሳየውን። ሦስቱ ሳይገጥሙ ሲቀሩ ቸኩሎ መፍረድ አይገባም፤ ልዩነቱ ራሱ ስለ ሥራው ብዙ ይናገራል።

ዘረመል የሚናገረውና የማይናገረው

ስለ ዘረመል በሚነገሩ ነገሮች ውስጥ አሳሳች የምለው ዘረመል ዕጣ ፈንታ ነው የሚለውን እምነት ነው፤ የዘመኑ ሥነ ጥበብ ትልቁን አገልግሎት የሰጠውም እዚህ ላይ ይመስለኛል። አሜሪካዊቷ ሄዘር ዲዊ-ሃግቦርግ በ2012 በጀመረችው ሥራ በኒውዮርክ ጎዳናዎችና የሕዝብ መገልገያ ስፍራዎች ሰዎች የጣሉትን ማስቲካ፣ የሲጋራ ቁራጭና የወደቀ ፀጉር ሰበሰበች። ከያንዳንዱ ዲኤንኤ አወጣች፣ የምትፈልጋቸውን ክፍሎች አባዝታ የፊደላቸውን ቅደም ተከተል አስነበበች፤ ውጤቱን በኮምፒውተር ፕሮግራም ወደ ፊት ምስል ለውጣ በሦስት ገጽታ ማተሚያ አሳተመች። በአዳራሹ ግድግዳ ላይ በሰው ፊት ልክ የታተሙት ገጾች ይሰቀላሉ፣ ዕቃው የተገኘበት ቦታና ናሙናው ራሱም አብረው ይቀርባሉ።

እነዚህን ገጾች ሲመለከቱ እያንዳንዱን የፊት ክፍል ለይተው «ይህ ከዲኤንኤ የተነበበ ነው፣ የተገመተ ነው ወይስ የተሞላ?» ብለው ይጠይቁ። ጾታን ከዲኤንኤ ማወቅ ቀላል ነው፤ የዓይንን ቀለምና የዘር ሐረግን መነሻ በተወሰነ ዕድል መገመት ይቻላል። የአፍንጫው ትክክለኛ ቅርጽ፣ የጉንጩ ስፋት፣ የከንፈሩ ውፍረት ግን በአብዛኛው ከአማካይ የፊት ሞዴል የመጣ ነው፤ ዕድሜም በእነዚህ ገጾች ላይ አይነበብም። ሆኖም ገጹ የተሟላ ሆኖ ስለሚታይ ተመልካቹ ሁሉንም እኩል ያምናል። ይህን አደጋ ራሷ ሠሪዋ ቆይታ በሌላ ሥራ አጉልታ አሳየች። ምስጢራዊ የመንግሥት ሰነዶችን አውጥታ የታሰረችው አሜሪካዊት ወታደር ቼልሲ ማኒንግ እስር ቤት ሳለች በፖስታ ከላከችላት የፀጉርና የጉንጭ ናሙና ተነሥታ በ2017 ሠላሳ የተለያዩ ገጾችን አቀረበች። ከአንድ ሰው ዲኤንኤ የተገኙት ሠላሳ ፊቶች ከጣሪያ ተንጠልጥለው ተመልካቹ በመካከላቸው ያልፋል፤ የትኛው «እውነተኛው» እንደሆነ የሚነግረው የለም። ሁለቱን ሥራዎች አብሮ ማየት እጅግ ይጠቅማል፤ የመጀመሪያው ስለ ግላዊ መረጃ መጋለጥ የሚያስደነግጠንን ያህል ሁለተኛው በመረጃው ላይ ያለንን ከልክ ያለፈ እምነት ይገድባል።

ናታሊ ጄረሚየንኮ ይህንኑ ጥያቄ በዛፍ አነሣችው። በ1990ዎቹ መጨረሻ ከአንድ የዋልነት ዛፍ በሕብረ ሕዋስ ማባዣ ዘዴ በርካታ አንድ ዓይነት ዘረመል ያላቸው ችግኞችን አስገኘች። ችግኞቹ በመጀመሪያ በሳን ፍራንሲስኮ በአንድነት ታዩ፣ በኋላም በከተማዋና በአካባቢዋ ጥንድ ጥንድ ሆነው ተተከሉ። ገና ተመሳሳይ በሆነ የቤተ ሙከራ ዕቃ ውስጥ ሳሉ እንኳ የቅርንጫፋቸው አወጣጥና የቅጠላቸው ብዛት ይለያይ ነበር፤ ከተተከሉ በኋላ ደግሞ አፈሩ፣ ውኃው፣ የአየሩ ጥራትና የአካባቢው አያያዝ በያንዳንዱ ላይ ታየ። እንዲህ ያለውን ሥራ ለመመልከት ትክክለኛው መንገድ አንዱን ዛፍ ማድነቅ ሳይሆን ሁለቱን ጎን ለጎን ማነጻጸር ነው፤ የዘረመሉ ድርሻ በሚመሳሰሉበት፣ የኑሮው ድርሻ በሚለያዩበት ይታያል።

ማን ይመግበዋል? ማንስ ፈቀደ?

ሕያው የሆነ ሥራ ጠባቂ ይፈልጋል። ስለዚህ ከሥራው ጀርባ ያለውን ቧንቧ፣ የሙቀት መቆጣጠሪያውን፣ የምግቡን ጠርሙስ እንደ ጌጥ ወይም እንደ ጓዳ ዕቃ ሳይሆን እንደ ሥራው አካል ይመልከቷቸው። በአውስትራሊያ ፐርዝ የሚሠሩት ኦሮን ካትስና ኢዮናት ዙር በ2004 ስፌት የሌለው ጥቃቅን ጃኬት የሚመስል ቅርጽ ላይ ሕያው ሕዋሳት አሳደጉ፤ ሥራውን «ሰለባ የሌለው ቆዳ» ብለው ሰየሙት። ሐሳቡ እንስሳ ሳይታረድ ቆዳ ማግኘት ይቻል እንደሆነ መጠየቅ ነበር። ይሁን እንጂ ሕዋሳቱን ለማሳደግ የተጠቀሙበት ፈሳሽ ከጥጃ ሽል ደም የሚዘጋጅ ሴረም እንዳለበት ሠሪዎቹ ራሳቸው በግልጽ ይናገራሉ፤ ሰለባው አልጠፋም፣ ከዓይን ርቋል እንጂ። መግለጫውን ብቻ አንብቦ የሄደ ሰው ስለ መልካም ቴክኖሎጂ የሚያበሥር ሥራ ያየ ይመስለዋል፤ ጠርሙሱ ውስጥ ያለው ምን እንደሆነ የጠየቀ ግን ፍጹም የተለየ ሥራ ያያል።

ይኸው ሥራ በ2008 በኒውዮርክ የዘመናዊ ሥነ ጥበብ ሙዚየም በቀረበበት ወቅት ሕዋሳቱ ከታሰበው በላይ ፈጥነው አድገው መሣሪያውን ደፈኑት፣ አንዱ እጅጌም ይለቅ ጀመር። የዐውደ ርእዩ አዘጋጅ ፓኦላ አንቶኔሊ ምግቡ እንዲቋረጥ መወሰን ግድ ሆነባት። ካትስና ዙር በሌሎች ሥራዎቻቸው ማብቂያ ላይ ይህን ውሳኔ ለተመልካቹ ያስተላልፉታል፤ ሕዋሳቱን ከተዘጋው ዕቃ ያወጡና ታዳሚው በባዶ እጁ እንዲነካቸው ይጋብዛሉ። በእጅ ላይ ያሉት ባክቴሪያና ፈንገስ ሕዋሳቱን ይገድላሉ። እንዲህ ያለ ጥሪ ሲቀርብልዎ ለመንካትም ሆነ ላለመንካት ጊዜ ይውሰዱ፤ ለምን እንደወሰኑም በማስታወሻዎ ላይ ያስፍሩ።

የፈቃድ ጥያቄ ከዚህ ጋር አብሮ መነሣት አለበት። በለንደን ብሔራዊ የቁም ሥዕል ጋለሪ የሚገኘውን፣ ማርክ ክዊን በ2001 የሠራውን የሰር ጆን ሰልስተን ሥዕል ይውሰዱ። ሰልስተን የሰው ልጅን የዘር መረጃ በማንበብ ታላቅ ሥራ የእንግሊዝን ድርሻ የመሩ ሳይንቲስት ነበሩ። ሥዕሉ በጣም ትንሽ ነው፤ በሚያንጸባርቅ የማይዝግ ብረት ፍሬም ውስጥ በባክቴሪያ ማሳደጊያ ጄሊ ላይ የተበተኑ ነጠብጣቦች ይታያሉ። ነጠብጣቦቹ የሰልስተንን ዲኤንኤ ቁርጥራጮች የሚሸከሙ የባክቴሪያ ስብስቦች ናቸው። ፊት፣ ዓይን፣ ፈገግታ የለም፤ ብረቱ ግን የተመልካቹን ገጽ መልሶ ያሳየዋል፣ የዲኤንኤው አብዛኛው ክፍል በሁላችንም ዘንድ አንድ መሆኑን ለሚያውቅ ሰው ደግሞ ይህ ነጸብራቅ ትርጉም አለው። እዚህ ናሙናውን የሰጠው ሰው ምን እየሰጠ እንደሆነ ከማንም በላይ ያውቃል። በኒውዮርክ ጎዳና ላይ ማስቲካ የጣለው ሰው ግን ምንም አያውቅም። ፒዬር ዊግ በ2017 በጀርመን ሙንስተር በአንድ በተዘጋ የበረዶ መንሸራተቻ አዳራሽ ባቀረበው ሰፊ ሥራ ውስጥ ደግሞ ሂላ የሚባሉት የካንሰር ሕዋሳት ነበሩ፤ እነዚህ ሕዋሳት በ1951 በባልቲሞር ሳትጠየቅ ከሄንሪዬታ ላክስ አካል የተወሰዱና እስከ ዛሬ በዓለም ቤተ ሙከራዎች የሚባዙ ናቸው። ሦስቱን ሥራዎች በአንድ ሚዛን ማየት አይቻልም፤ የትኛውንም ሲመለከቱ «የሰው ሕዋስ» የሚለው መግለጫ የማን ሰው እንደሆነ እስኪታወቅ ድረስ ጎዶሎ ነው።

ስለ ሕግና ስለ ደኅንነት አንድ ነገር ማከል ይበቃል። በግንቦት 2004 በአሜሪካ ባፈሎ ከተማ የጥበብ ሰው ስቲቭ ከርትዝ ሚስቱ በልብ ሕመም በድንገት ስትሞት ለእርዳታ ደወለ፤ የመጡት ሰዎች በቤቱ ያሉትን የቤተ ሙከራ ዕቃዎች ተጠራጠሩ፣ የፌዴራል ምርመራም ተከፈተበት። በቤቱ የነበሩት ለዐውደ ርእይ የተዘጋጁ፣ ለትምህርትም የሚያገለግሉ ባክቴሪያዎች ነበሩ። የሽብር ክስ አልተመሠረተበትም፤ ባክቴሪያዎቹ በተገኙበት መንገድ የተነሣ በፖስታና በመገናኛ መስመር ማጭበርበር ተከሶ ክሱ ውድቅ የተደረገው በ2008 ነው። በሥራና በተመልካች መካከል መስተዋት፣ መቆለፊያ ወይም የማስጠንቀቂያ ምልክት ሲያዩ ከጀርባው ሕግ፣ ፈቃድና አንዳንዴም እንዲህ ያለ ታሪክ እንዳለ ይወቁ፤ ሠሪው ያን ገደብ እንዴት እንደተጠቀመበትም ይመልከቱ።

በአዳራሹ ውስጥ

ሲገቡ መግለጫውን ከማንበብዎ በፊት ለጥቂት ደቂቃ ሥራውን ብቻውን ይመልከቱ፤ ሽታውን፣ ሙቀቱን፣ ድምፁን፣ የብርሃኑን ቀለም ያስተውሉ። ከዚያ መግለጫውን፣ ቀጥሎም የአሠራሩን ቪዲዮ ወይም ሰነድ ይዩ። የአዳራሹን ሠራተኞች መጠየቅ አይፈሩ፤ ሥራውን በየቀኑ የሚመግበው ወይም የሚያጸዳው ሰው ከማንኛውም ጽሑፍ የበለጠ ሊያውቅ ይችላል። ሕያው ሥራ ስለሚለወጥ ያዩበትን ቀንና ሰዓት ይመዝግቡ፤ ከተቻለም ከሳምንት በኋላ ተመልሰው ይዩት። ባክቴሪያው ሊሰፋ፣ ተክሉ ሊጠወልግ፣ ሕዋሱ ሞቶ ባዶ ዕቃ ብቻ ሊቀር ይችላል፤ በመክፈቻው ዕለት የጻፈ ሐያሲና በመዝጊያው ዕለት የጻፈ ሐያሲ ስለ ሁለት የተለያዩ ነገሮች እየጻፉ ይሆናል።

ዐውደ ርእዩ ሲያበቃ ሕያው ክፍሉ ብዙውን ጊዜ ይጠፋል፤ የሚቀረው ፎቶግራፍ፣ የአሠራር መመሪያ፣ በማቀዝቀዣ የተቀመጠ ናሙና ወይም የደረቀ ቅሪት ነው። ስለዚህ አንድን ሥራ በመጽሐፍ ወይም በሙዚየም ስብስብ ውስጥ ሲያገኙ የሚመለከቱት ከእነዚህ የትኛውን እንደሆነ፣ ሠሪውም የትኛውን ሥራዬ ብሎ እንደመዘገበ ይጠይቁ። የአሠራር መመሪያው ከተቀመጠ ሥራው ዳግመኛ ሊበቅል ይችላል፤ ፎቶግራፉ ብቻ ከቀረ ግን ስለ ሕያውነቱ የሚጽፉት ሁሉ በሌሎች ምስክርነት ላይ የቆመ መሆኑን በጽሑፍዎ ውስጥ መግለጽ ይገባዎታል።